ጨረታ ተሸንፎ አቤት ለማለት፦ የአራት አቤቱታ ሰሚዎች ምዘና

«ድርጅታችሁ አልተመረጠም» የሚል ደብዳቤ የደረሰው ተጫራች መጀመሪያ የሚጠይቀው «ለማን አቤት ልበል?» ብሎ ነው። መልሱን የሚወስነው የግዥው ገንዘብ ከየት እንደመጣና ጨረታው በየትኛው ሕግ እንደወጣ ነው። ሰሚዎቹ ግን እኩል አይደሉም። አንዱ ውሉን ወዲያው ያስቆማል፤ ሌላው ደብዳቤውን ተቀብሎ ራሱ ለገመገመው መሥሪያ ቤት ይመልሰዋል። እዚህ አራቱን እንመዝናለን፦ የዓለም ባንክን የአቤቱታ ሥርዓት፣ የአሜሪካ ኮንግረስ ኦዲተር የሆነውን የመንግሥት ተጠያቂነት ጽሕፈት ቤት (በአጭሩ ጂኤኦ)፣ የአውሮፓ ኅብረት አገሮችን የግዥ አቤቱታ ሰሚዎች እና የእንግሊዝን ፍርድ ቤት።

መመዘኛችን ሦስት ጥያቄ ነው። ውሉ ከመፈረሙ በፊት ያስቆማል ወይ? የግምገማውን መዝገብ ያሳያል ወይ? የሰጠው ቀንስ አቤቱታ አዘጋጅቶ ለማስገባት ይበቃል ወይ? ከሦስቱ የመጀመሪያው ይበልጣል። ውል ተፈርሞ፣ ቅድሚያ ክፍያ ወጥቶ፣ ሥራው ግማሽ ከደረሰ በኋላ የሚመጣ ትክክለኛ ውሳኔ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ነው።

አራቱም የሚስማሙበት አንድ ነገር አለ፦ በገምጋሚው ቦታ ተቀምጠው አዲስ ነጥብ አያድሉም። «የእኛ የቴክኒክ ሐሳብ ከአሸናፊው ይሻላል» የሚል አቤቱታ የትም ቢገባ ይወድቃል። የሚሰማው አቤቱታ ሌላ ነው፦ በጨረታ ሰነዱ ላይ ያልተጻፈ መስፈርት ተጠቅመዋል፤ አንዱን ተጫራች በጠየቁበት ሌላውን አልፈውታል፤ የሰጡት ነጥብና የጻፉት ምክንያት አይገናኝም፤ የተጻፈ ምክንያትም የለም። ብዙ ጠበቃ ያቆሙ ድርጅቶች ሳይቀሩ የሚሸነፉት ይህን ልዩነት ስተው የራሳቸውን ሥራ ሲያወድሱ ነው።

ስህተቱ መኖሩም ብቻውን አይበቃም፤ ውጤቱን የሚቀይር መሆን አለበት። ይህን በቁጥር ማየት ይሻላል። የቴክኒክ ክብደት 70፣ የዋጋ ክብደት 30 የሆነበት ጨረታ እንውሰድ። ድርጅት «ሀ» በቴክኒክ ከ100 ያገኘው 82 ነው፤ ዋጋው 10.4 ሚሊዮን ነው። ድርጅት «ለ» በቴክኒክ 88 አግኝቶ 11.7 ሚሊዮን አቅርቧል። ዝቅተኛው ዋጋ ሙሉ 30 ያገኛል፣ ሌላው በተመጣጣኝ ይቀነስበታል። «ሀ» ከቴክኒኩ 57.4፣ ከዋጋው 30፣ በድምሩ 87.4 ይይዛል። «ለ» ከቴክኒኩ 61.6፣ ከዋጋው 26.67፣ በድምሩ 88.27 ይዞ ያሸንፋል። ልዩነቱ 0.87 ነው። አሁን «ሀ» በአንድ ንዑስ መስፈርት 1 ነጥብ (ሲመዘን 0.7) በስህተት እንደተነፈገ ቢያረጋግጥ ድምሩ 88.1 ይሆናል፤ አሁንም ተሸናፊ ነው፣ አቤቱታውም ፍሬ የለውም። 2 ነጥብ እንደተነፈገ ቢያረጋግጥ ግን 88.8 ደርሶ አሸናፊ ይሆናል። ስለዚህ ለጠበቃ ከመደወል በፊት ይህን ስሌት በአንድ ገጽ መሥራት ያስፈልጋል። ሦስተኛ የወጣ ተጫራች ደግሞ ሥራው እጥፍ ነው፦ አንደኛውን ብቻ ሳይሆን ሁለተኛውንም የሚጥል ምክንያት ማቅረብ አለበት፤ አለዚያ አንደኛው ቢወድቅ ዕድሉ ለሁለተኛው ስለሚሄድ «አንተን ምን አገባህ?» ይባላል።

ከሁሉም ጠንካራው መነሻ የተደበቀ መስፈርት ነው። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት በጥር 2008 እ.ኤ.አ. (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመታትም እንዲሁ ናቸው) የወሰነው የሊያናኪስ ጉዳይ ለዚህ ጥሩ ማሳያ ነው። የግሪክ ከተማ አሌክሳንድሮፖሊስ ያወጣችው ጨረታ ሦስት መስፈርቶች በቅደም ተከተል ጠቅሶ ነበር፦ የተጫራቹ የሥራ ልምድ፣ የሰው ኃይልና መሣሪያ፣ ሥራውን በጊዜ የመጨረስ አቅም። ክብደታቸው ግን አልተጻፈም። ገምጋሚ ኮሚቴው ሰነዶቹን ከያዘ በኋላ 60፣ 20 እና 20 ከመቶ ብሎ አከፋፈለ። ፍርድ ቤቱ ሁለት ነገር አለ። ክብደትና ንዑስ መስፈርት ለተጫራቾች ሳይነገር ኋላ ሊፈጠር አይችልም። ሁለተኛም፣ የድርጅቱ ያለፈ ልምድ ብቁነትን ማጣሪያ እንጂ አሸናፊ መምረጫ አይደለም። ይህ ሁለተኛው ነጥብ ኋላ ለስላሳ ሆኗል፤ የ2014ቱ የግዥ መመሪያ ሥራውን የሚሠሩት ባለሙያዎች ጥራት በውጤቱ ላይ ጉልህ ለውጥ የሚያመጣ ሲሆን የእነሱን ልምድ ነጥብ መስጠት ይፈቅዳል። የመጀመሪያው ግን እስከ ዛሬ እንደጸና ነው።

የዓለም ባንክ

በባንኩ ብድር የሚካሄድ ዓለም አቀፍ ጨረታ ከሆነ ሥርዓቱ ቀለል ያለና ወጪ የማይጠይቅ ነው። ተበዳሪው መሥሪያ ቤት ውል ከመስጠቱ በፊት ለሁሉም ተጫራቾች ውል ሊሰጥ ያሰበለትን ድርጅት ያሳውቃል፤ ከዚያ 10 የሥራ ቀን የመጠባበቂያ ጊዜ ይጀምራል። በእነዚያ ቀናት ውል አይፈረምም። ያልተመረጠው ተጫራች በ3 የሥራ ቀን ውስጥ ማብራሪያ በጽሑፍ ከጠየቀ መሥሪያ ቤቱ በ5 የሥራ ቀን ውስጥ መስጠት አለበት። ካዘገየ የመጠባበቂያ ጊዜው ማብራሪያው ከተሰጠ በኋላ እስከ 5 የሥራ ቀን ይራዘማል። ይህ በጣም የምንወደው አንቀጽ ነው፤ መሥሪያ ቤቱ ዝም ብሎ ቀኑን ሊያስጨርስ አይችልም። ነገር ግን የማራዘሙ መብት የሚገኘው በ3ቱ ቀን ለጠየቀ ብቻ ነው። ደብዳቤው ዓርብ ደርሶ ሰኞና ማክሰኞ በስብሰባ ካለፉ የቀረው አንድ ቀን ነው።

ድክመቱ ዳኛ የሌለው መሆኑ ነው። አቤቱታው የሚገባው ለዚያው ጨረታውን ለገመገመው ተበዳሪ ነው፤ ባንኩ ሂደቱን ይከታተላል እንጂ እንደ ፍርድ ቤት አይፈርድም። በእጁ ያለው ኃይል የገንዘቡ ነው፦ ግዥው ደንቡን ጥሷል ካለ ለዚያ ውል ገንዘብ አልሰጥም ማለት ይችላል። ባንኩ አስቀድሞ የሚያጣራቸው ትልልቅ ውሎች ላይ ይህ ኃይል በእውነት ይሠራል፤ ተበዳሪው አቤቱታው በአግባቡ መልስ እንዳገኘ ባንኩን ሳያሳምን አያልፍም። ከዚያ በታች ላሉ ውሎች ሥርዓቱ የሚንጠለጠለው በተበዳሪው ቅን ልቦና ላይ ነው። የባንኩን መደበኛ የጨረታ ሰነድ የማይጠቀሙ አገር አቀፍ ጨረታዎች ጭራሽ በአገሩ ሕግ ነው የሚታዩት፤ ስለዚህ በቅድሚያ የሰነዱን ሽፋን ማየት ነው። አንድ ተጫራች ብቻ የቀረበበት ጨረታ፣ በማዕቀፍ ስምምነት የሚታዘዝ ግዥና የድንገተኛ አደጋ ግዥም የመጠባበቂያ ጊዜ የላቸውም።

ማብራሪያው ራሱ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። መሥሪያ ቤቱ የአሸናፊውን የንግድ ምስጢር አይሰጥም፤ የራሳችሁን ነጥብና ደካማ የተባለበትን ምክንያት ግን መስጠት አለበት። «በአጠቃላይ አናሳ ሆኖ ተገኝቷል» የሚል አንድ መስመር መልስ ሲመጣ ተቀብሎ መውጣት ትልቅ ስህተት ነው። በእያንዳንዱ ንዑስ መስፈርት የተሰጠው ነጥብና ምክንያቱ ይነገረን ብሎ በጽሑፍ መድገም፣ ካልተነገረም ያለመነገሩን ራሱን በአቤቱታው ውስጥ ማስገባት ይገባል።

ጂኤኦ

በሥርዓት ጂኤኦ ከአራቱ ይቀድማል። አቤቱታው በገባ በ100 ቀን ውስጥ ውሳኔ መስጠት በሕግ ግዴታው ነው፤ በተፋጠነ መንገድ ከሆነ በ65 ቀን። ተቋሙ የተመሠረተው በ1921 ነው፤ ዛሬ ያለው የአቤቱታ አሠራር የቆመው ግን በ1984ቱ የውል ውድድር ሕግ ላይ ነው። የዚያ ሕግ ትልቁ ስጦታ በራሱ የሚሠራ እግድ ነው፦ አቤቱታው በጊዜው ከገባ ማንም ዳኛ ሳይለመን ውሉ ይቆማል።

ወጥመዱም እዚያው ላይ ነው። ስለ ግምገማ የሚቀርብ አቤቱታ ምክንያቱ ከታወቀ፣ ግዴታ የሆነ ማብራሪያ ካለ ደግሞ ማብራሪያው ከተሰጠ በኋላ ባሉት 10 ቀናት ውስጥ መግባት አለበት። እግዱ ግን የራሱ ሰዓት አለው፦ መሥሪያ ቤቱ የጂኤኦን ማስታወቂያ ውሉ በተሰጠ በ10 ቀን ወይም ማብራሪያው በቀረበ በ5 ቀን ውስጥ መቀበል አለበት። ሁለቱን ልብ በሉ። ማብራሪያው በተሰጠ በ9ኛው ቀን የገባ አቤቱታ ይሰማል፣ እግዱ ግን አምልጦ ሊሆን ይችላል፤ ውሉም ክርክሩ እየተካሄደ ይሠራል። በተጨማሪም የሚቆጠረው መሥሪያ ቤቱ ማስታወቂያውን የተቀበለበት ቀን እንጂ ተጫራቹ አቤቱታውን ያስገባበት አይደለም፤ ጂኤኦ ለማሳወቅ አንድ ቀን አለውና በመጨረሻው ቀን ማስገባት ቁማር ነው። ቀናቱ የካላንደር ቀናት ናቸው፤ የመጨረሻው ቀን የሚዘጋውም በዋሽንግተን ሰዓት ከቀትር በኋላ 11 ሰዓት ከ30 ነው። ከሌላ የሰዓት ቀጣና ሆኖ የሚያስገባ ይህን አስቀድሞ ያስላ።

ከዚያ በኋላ መዝገቡ ይከፈታል። መሥሪያ ቤቱ በ30 ቀን የግምገማ ሰነዶቹን ከሪፖርት ጋር ያቀርባል። በተፎካካሪዎች መካከል ምስጢር ስላለ ሙሉውን የሚያዩት በምስጢር ጠባቂ ትእዛዝ የተፈቀደላቸው ጠበቆች እንጂ ድርጅቱ ራሱ አይደለም። ያለ ጠበቃ መቅረብ ይቻላል፤ ግን እንዲህ ያለው አቤት ባይ የሚከራከረው በጨለማ ነው። ሪፖርቱ በደረሰ በ10 ቀን ውስጥ አስተያየት ካልገባ አቤቱታው ይዘጋል፤ ይህ ቀን ካለፈ ይቅርታ የለም።

ጂኤኦ የሚሰጠው ውሳኔ በስሙ ምክረ ሐሳብ ነው፤ መሥሪያ ቤቶች ግን ከሞላ ጎደል ሁልጊዜ ይፈጽሙታል። በ2024 በጀት ዓመት ከተወሰኑት ጉዳዮች የጸደቁት 16 ከመቶ ብቻ ነበሩ። ይህን ቁጥር ብቻ አይቶ ተስፋ መቁረጥ ስህተት ነው፤ መሥሪያ ቤቱ ራሱ ስህተቱን አይቶ ሳይፈረድበት ያረማቸው ሲደመሩ አቤት ባዮች አንድ ዓይነት መፍትሔ ያገኙባቸው 52 ከመቶ ደርሰዋል። በዚያው ዓመት ለመጽደቅ ቀዳሚው ምክንያት ምክንያታዊ ያልሆነ የቴክኒክ ግምገማ ነበር። እርማት ግን ድል አይደለም። መሥሪያ ቤቱ እንደገና ገምግሞ፣ ምክንያቱን አሟልቶ ጽፎ፣ ያንኑ አሸናፊ ሊመርጥ ይችላል፤ ብዙ ጊዜም እንዲያ ይሆናል።

የአውሮፓ ኅብረት አገሮች

እዚህ አንድ ወጥ ሰሚ የለም፤ አንድ ወጥ ግዴታ ግን አለ። የመጠባበቂያ ጊዜ የሚባለው ነገር የተወለደው ከኦስትሪያ በመጣ የአልካቴል ጉዳይ ነው። ውሉ አሸናፊው በተመረጠበት ቀን ተፈረመ፤ ሌሎቹ ተጫራቾች ነገሩን የሰሙት ከጋዜጣ ነው። የኅብረቱ ፍርድ ቤት በ1999 በምርጫውና በፊርማው መካከል አቤት የሚባልበት ክፍተት መኖር አለበት ብሎ ወሰነ፤ ያ ውሳኔ በ2007 በመመሪያ ውስጥ ገባ። ዛሬ ከተወሰነ ዋጋ በላይ ባሉ ውሎች ማሳወቂያው በኤሌክትሮኒክ ከተላከ ቢያንስ 10፣ በሌላ መንገድ ከተላከ ቢያንስ 15 የካላንደር ቀን መጠበቅ ግዴታ ነው። ይህን ጥሶ የተፈረመ ውል ከሌላ ጥሰት ጋር ሲሆን ከፊርማው በኋላም ፈራሽ ሊባል ይችላል። የዚህ ሥርዓት ጥርስ ይህ ነው።

የሚያሳስበን የቀናቱ አለመመጣጠን ነው። ከማሳወቂያው ጋር የሚመጣው የምክንያቱ ጭምቅ ነው። ስለ አሸናፊው ብልጫ ዝርዝር የጠየቀ ተጫራች መልስ ለማግኘት እስከ 15 ቀን ሊጠብቅ ይችላል፤ እስከዚያ 10ሩ ቀን አልቋል። ስለዚህ አቤቱታ የሚጻፈው በጭምቁ ላይ ተመሥርቶ ነው። በጀርመን ደግሞ ወደ ግዥ ምክር ቤቱ (የአገሩ የግዥ አቤቱታ ሰሚ) ከመሄድ በፊት ቅሬታውን ጥሰቱ በታወቀ በ10 ቀን ውስጥ ለመሥሪያ ቤቱ ማቅረብ ግድ ነው፤ ይህን የዘለለ አቤቱታ ሳይታይ ይመለሳል። መሥሪያ ቤቱ ቅሬታውን አልቀበልም ካለ ወደ ምክር ቤቱ ለመሄድ 15 ቀን አለ፤ ምክር ቤቱ በ5 ሳምንት ይወስናል። ይህ ፍጥነት ይደነቃል።

የእንግሊዝ ፍርድ ቤት

በየካቲት 2025 ሥራ ላይ የዋለው የ2023ቱ የግዥ ሕግ የመጠባበቂያ ጊዜውን 8 የሥራ ቀን አድርጎታል፤ በራሱ የሚሠራው እግድም የሚገኘው በእነዚያ 8 ቀናት ውስጥ ክስ ከፍቶ መሥሪያ ቤቱን ላሳወቀ ብቻ ሆኗል። ክስ ለመክፈት በጠቅላላ 30 ቀን አለ፤ ከ8ኛው ቀን በኋላ የሚከስ ግን በተግባር ካሳ እንጂ ውሉን አያገኝም። ለውጡ ለተጫራቾች አስቸጋሪ ነው። መካሻው የግምገማ መግለጫው ነው፦ ተጫራቹ የራሱንና የአሸናፊውን ነጥብ ከነምክንያቱ ሳይለምን ያገኛል።

የዚህ መንገድ ጉልበት በማስረጃ ላይ ነው። ገምጋሚዎች ዳኛው ፊት ምስክር ሆነው ይቀርባሉ፤ ለእያንዳንዱ ነጥብ ምክንያቱን ይጠየቃሉ። የአሮጌ ኑክሌር ጣቢያዎችን መፍቻ የሚመራው የእንግሊዝ ባለሥልጣን በ2014 የሰጠው ውል እንዲህ ሲፈተሽ፣ በአንደኛውና በሁለተኛው መካከል የነበረው ልዩነት 1 ነጥብ ከመቶ ገደማ ነበር። ዳኛው በሐምሌ 2016 ነጥቦቹን አንድ በአንድ አይቶ ተሸናፊው ማሸነፍ ነበረበት አለ፤ አሸናፊው የግድ ማለፍ የሚገባውን መስፈርት ሳያልፍ በስህተት እንዲያልፍ ተደርጎ ነበር። ባለሥልጣኑ በ2017 ወደ 100 ሚሊዮን ፓውንድ የሚጠጋ ገንዘብ ከፍሎ ጉዳዩን ዘጋ። ሆኖም የዚህ መንገድ ወጪ ከባድ ነው፤ የተሸነፈ የሌላውንም ጠበቃ ይከፍላል። ትንሽ ውል ላይ ይህን በር ማንኳኳትን አንመክርም።

ለየትኛውም ሰሚ የሚጻፈው አቤቱታ

ጥሩ አቤቱታ ከ5 እስከ 8 ገጽ ይበቃዋል። የሚጀምረው በጨረታ ሰነዱ አንቀጽ ነው፤ ቃል በቃል ይጠቀሳል። ቀጥሎ ገምጋሚው ያደረገው ከማብራሪያው ይጠቀሳል፤ ከዚያ የሁለቱ ልዩነት፣ ከዚያ ከላይ ያየነው ስሌት። መጨረሻው የሚጠየቀው መፍትሔ ነው፦ ዳግም ግምገማ፣ የአሸናፊው መሰረዝ ወይም የዝግጅት ወጪ። «ፍትሕ ይሰጠን» ብቻ ብሎ መዝጋት ሰሚውን ግራ ያጋባዋል። አቤቱታውን ለሦስት ለአራት ጉዳዮች መበተንም ጠንካራውን ያደክመዋል።

ዋጋ ላይ የሚነሱ አቤቱታዎች የራሳቸው ፈተና አላቸው። በዓለም ባንክ ሰነዶች የነጠላ ዋጋና ድምር ሲጋጩ የነጠላው ዋጋ ይጸናል፤ የነጥብ ምልክቱ ቦታ በግልጽ ከተሳሳተ ግን ድምሩ። ፊደልና አሃዝ ሲጋጩ ፊደሉ ይጸናል። ኮሚቴው ይህን ገልብጦ ካስተካከለ አቤቱታው አንድ ገጽ ነው፣ ለማሸነፍም ከሁሉ የቀለለ ነው። «የአሸናፊው ዋጋ ከመጠን በታች ነው» የሚለው ግን ብቻውን አይረታም፤ በአውሮፓው ሕግ የሚረታው መሥሪያ ቤቱ ያልተለመደ ዝቅተኛ መሆኑን እያየ ማስረጃ ሳይጠይቅ ካለፈ፣ ወይም ሳይጠይቅ ዝቅተኛውን ዋጋ ያቀረበውን ተጫራች ከጣለ ነው።

ሰነዱ ራሱ ላይ ያለ ጉድለት ደግሞ የግምገማ አቤቱታ አይደለም። መስፈርቱ ለአንድ ድርጅት የተሰፋ መስሎ ከታየ ወይም ክብደቱ ካልተጻፈ፣ በጂኤኦ ዘንድ አቤቱታው ጨረታው ከመከፈቱ በፊት ካልገባ ኋላ አይሰማም፤ በዓለም ባንክ ደግሞ ቢያንስ ከማስረከቢያው ቀን 10 የሥራ ቀን ቀድሞ መግባት አለበት። ስለዚህ ሰነዱ በተገዛ በመጀመሪያው ሳምንት አንድ ሰው የመስፈርቱን ሠንጠረዥ ብቻ ይዞ ያንብብ፦ እያንዳንዱ ንዑስ መስፈርት ክብደት አለው? ማለፊያ ነጥቡ ተጽፏል? ዋጋው በየትኛው ቀመር እንደሚሰላ ተገልጿል? የጎደለው በጽሑፍ ይጠየቅ፤ ጥያቄውና መልሱ፣ የላኩበትና የደረሰበት ቀን ጭምር፣ በአንድ ፋይል ይቀመጥ። የማሳወቂያ ደብዳቤው በደረሰ ቀን የሚከፈተው ይህ ፋይል ነው፤ የማብራሪያ መጠየቂያው ደብዳቤ ረቂቅም ከፊርማና ከማኅተም በስተቀር ሙሉ ሆኖ እዚያው ይጠብቅ።